ካሳቬቲስ እውነት ስክሪፕት አልነበረውም? (ክርክር ውስጥ ገብቼ ነው፤ አግዙኝ)

ቡም ያዥ፦

ሰላም ለቤቱ። አንድ ነገር ግራ ገብቶኝ ነው።

ባለፈው ሳምንት አንድ አነስ ያለ ፊልም ላይ ድምፅ ልሠራ ሄጄ ነበር። ጠዋት 1 ሰዓት ተባልን፤ በ1 ሰዓት ተገኘን። ዳይሬክተሩ 4 ሰዓት ላይ መጣ። «ስክሪፕቱስ?» ስንለው ሳቀብን። «ስክሪፕት የለም። እንደ ካሳቬቲስ ነው የምንሠራው፤ ተዋናዮቹ ከሆዳቸው ያውጡት» አለ። ምሳ ስላልነበረ ከሆዳቸው የሚወጣ ነገር አልነበረም። ስድስት ሰዓት ሙሉ ቡም (የማይክሮፎን ዘንግ) አንጠልጥዬ «እንዴት ነሽ?» «ደህና፣ አንተስ?» «ደህና፣ አንቺስ?» ስቀዳ ዋልኩ። ክንዴ እስከ ዛሬ አልተመለሰልኝም።

ማታ ገብቼ ስለ ሰውየው ጎግል አደረግሁ። ተዋናይም ዳይሬክተርም ነው። የአሜሪካ ኢንዲፔንደንት ፊልም አባት ይሉታል። ግን እውነት ያለ ስክሪፕት ነው የሚሠራው? ቅዳሜ ቀረጻ አለን። መልስ ይዤ መግባት እፈልጋለሁ።

ሰባተኛ ረድፍ፦

ዳይሬክተርህ ስሙን ሰምቷል እንጂ ሥራውን አላየም። ካየም አንዱን ብቻ፣ ያውም የመጨረሻዋን ደቂቃ።

የወሬው መነሻ «ሻዶውስ» የሚባለው የመጀመሪያ ፊልሙ ነው። (ዓመቶቹን በፈረንጅ ነው የምጽፈው።) ጆን ካሳቬቲስ በ1929 ኒውዮርክ ውስጥ ከግሪክ ቤተሰብ ተወለደ። ትወና ተማረ፣ በቴሌቪዥን ድራማ ፊቱ መታወቅ ጀመረ። ከዚያ ለተዋናዮች የልምምድ ክፍል ከፈተ። አንድ ቀን ከልጆቹ ጋር ሲለማመዱ የፈጠሩት ታሪክ ከአእምሮው አልወጣ አለው። ፊልም ይሁን አለ፤ ገንዘብ ግን የለም። በ1957 ጂን ሼፐርድ የሚባል ሰው በሌሊት በሚያቀርበው የሬዲዮ ፕሮግራም ላይ እንግዳ ሆኖ ገባ። ስለ ተራ ሰው የተሠራ ፊልም ማየት የሚፈልግ ካለ ገንዘብ ይላክ ብሎ ተናገረ። አድማጩ እውነት መላክ ጀመረ! አብዛኛው ድፍን አንድ ዶላር ነው፤ ተጠራቅሞ ወደ 2,000 ዶላር ገደማ ሆነ።

ባለ 16 ሚሊሜትር ካሜራ፣ ደመወዝ የሌለው ቡድን፣ የኒውዮርክ ጎዳና። ታሪኩ የሁለት ወንድማማቾችና የአንዲት እህታቸው ነው። ጥቁሮች ናቸው፤ እህትየውና ታናሹ ወንድም ግን ቆዳቸው ከመቅላቱ የተነሣ ነጭ ይመስላሉ። ልጅቷ ከአንድ ነጭ ወጣት ጋር ትጀምራለች። አንድ ቀን ጠቆር ያለው ታላቅ ወንድሟ ወደ ቤት ሲገባ የልጁ ፊት ይቀየራል። ማንም ምንም አላስረዳም። እኔ ፊልሙን የማስታውሰው በዚያ ፊት ነው።

መጨረሻው ላይ «ያያችሁት ፊልም ኢምፕሮቫይዜሽን (ሳይጻፍ እዚያው የተፈጠረ) ነበር» የሚል ጽሑፍ ይመጣል። ከ60 ዓመት በላይ ሰውን ሲያሳስት የኖረው ይህቺ አንዲት መስመር ናት። ምክንያቱም በ1958 መጨረሻ ለተመልካች ሲያሳየው ራሱ አልወደደውም። በ1959 ተዋናዮቹን መልሶ ሰብስቦ ብዙውን እንደገና ቀረጸ፤ በዚህኛው ዙር ተጽፈው የተሠሩ ትዕይንቶች ገቡ። ጆናስ ሜካስ የሚባለው ሃያሲ የመጀመሪያውን አይቶ አሞግሶት ነበር። ሁለተኛውን ሲያይ ተናዶ ጻፈበት። እስከ ዛሬ የሚታየው ሁለተኛው ነው።

ከዚያ ወዲህ ያሉትን የራሱን ፊልሞች ጽፏቸዋል። «ፌሲስ» የሚባለው ፊልሙ እኮ በድርሰት ለኦስካር ታጭቷል። ያልተጻፈ ፊልም በድርሰት ሲታጭ አይታችኋል? ለዳይሬክተርህ ይህቺን ብቻ ንገረው።

እንኮይ፦

ከርዕሱ ወጣሁ፣ ይቅርታ። ሚስቱ ጂና ሮውላንድስ ይላል። «ዘ ኖትቡክ» ላይ ሁሉን የረሳችው አሮጊት አይደለችም እንዴ? በእሷ ያላለቀስኩበት ጊዜ የለም።

ሰባተኛ ረድፍ፦

ራሷ ናት፣ እንኮዬ። በ1954 ነው የተጋቡት። «ዘ ኖትቡክ»ን በ2004 የሠራው ደግሞ ልጃቸው ኒክ ነው፤ እናቱን ነው ያስተወናት። የሚያሳዝነው፣ እሷም በኋላ በዚያው በመርሳት በሽታ ተይዛ ነሐሴ 2024 በ94 ዓመቷ አረፈች። እሷን በአሮጊትነቷ ብቻ የምታውቋት ካላችሁ ብዙ ነገር ቀርቶባችኋል።

ጥቁር ቡና፦

እኔ ልናገር? አልወደድኩትም።

«ሃዝባንድስ» የሚባለውን ፊልሙን ጀመርኩት። ሦስት ጎልማሶች ጓደኛቸውን ይቀብራሉ፣ ከዚያ ይጠጣሉ። ከዚያ ይጠጣሉ። ከዚያ ለንደን ሄደው ይጠጣሉ። መሸታ ቤት ውስጥ አንዲት ሴትዮ ዘፈን እንድትዘፍን ያስገድዱና «ከልብሽ አይደለም» እያሉ ደጋግመው ያዋርዷታል። ያ ትዕይንት አያልቅም። ሁለቴ ተነስቼ ቡና አፈላሁ። ፖሊን ኬልን የመሰለች ሃያሲ እንኳ ፊልሞቹን አልወደደቻቸውም፤ ስለዚህ አላዋቂ እንዳትሉኝ።

ሰው «ጥሬ ነው፣ እውነት ነው» ሲል እሰማለሁ። ጥሬ ሥጋም እኮ የሚቆርጠው ሰው ይፈልጋል።

የድሮ ፕሮጀክተር፦

ልጆች፣ እንደምን አመሻችሁ። እኔ ዕድሜዬን ሲኒማ ቤት ፊልም ሳሳይ የኖርኩ ሰው ነኝ። ይህን ሰው በዳይሬክተርነቱ ሳይሆን በፊቱ ነው መጀመሪያ ያወቅሁት። «ዘ ደርቲ ደዝን» የሚባለው የጦርነት ፊልም ላይ በቀዝቃዛ ውሃ አልላጭም ብሎ የሚያምፀው እስረኛ እሱ ነው። በ1967 የወጣ ነው፤ በረዳት ተዋናይነት ለኦስካር ታጭቶበታል። በዓመቱ «ሮዝሜሪስ ቤቢ» ላይ ለሙያው ዕድገት ሲል ሚስቱን አሳልፎ የሚሰጥ ተዋናይ ሆኖ መጣ። ምን ዓይነት ፈገግታ ነበረው! ጥርሱ ይስቃል፣ ዓይኑ አይስቅም።

ይህን የማነሳው ያለ ምክንያት አይደለም። ስልቱን ከማውራታችን በፊት ቀለቡ ከየት እንደሚመጣ እንወቅ። ሰውየው ለሌላ ሰው ፊልም ይተውናል፣ የተከፈለውን ለራሱ ፊልም ያውላል። እንዲህ የሆነው ተቃጥሎ ነው። ከ«ሻዶውስ» በኋላ ሆሊውድ ጠርቶት ሁለት ፊልም ሠራ። ሁለተኛው «ኤ ቻይልድ ኢዝ ዌይቲንግ» በ1963 ወጣ፤ የአእምሮ ዕድገት ውስንነት ስላለባቸው ሕፃናት ነው። በርት ላንካስተርና ጁዲ ጋርላንድ ተውነውበታል፤ ልጆቹ ግን አብዛኞቹ ካሊፎርኒያ ውስጥ ካለ ተቋም የመጡ እውነተኛ ልጆች ናቸው። ፕሮዲዩሰሩ ስታንሊ ክሬመር አዝነን ከንፈር እንድንመጥላቸው ፈለገ። ካሳቬቲስ ደግሞ ልጆቹ ምንም አልጎደላቸውም፣ የጎደለው እኛ ዘንድ ነው ባይ ነበር። ተጣሉ። ኤዲቲንጉን ቀምተውት በክሬመር መንገድ ቆረጡት።

ከዚያ ወዲያ መቀሱን ለሰው ላለመስጠት ቆረጠ። «ፌሲስ»ን በ1965 ስድስት ወር ያህል በገዛ ቤቱና በአማቱ ቤት ቀረጸ። ኤዲቲንጉ ወደ ሦስት ዓመት ፈጀ። ገንዘብ ሲያልቅበት ሄዶ ይተውናል፣ ተመልሶ ይቆርጣል። በ1968 ሲወጣ ሦስት የኦስካር ዕጩነት አገኘ። አንዷ ዕጩ ሊን ካርሊን ከዚያ በፊት ፊልም ሠርታ የማታውቅ የቢሮ ጸሐፊ ነበረች።

ጥቁር ቡና ልጄ፣ «ሃዝባንድስ» ከባድ ነው፤ አልከራከርህም። ግን ሴትዮዋ ስትዋረድ የተሰማህ መታመም ካሜራው ቶሎ ስላልሸሸ የመጣ ነው። ሌላው ዳይሬክተር በ30 ሰከንድ ቆርጦ ያሳርፍህ ነበር።

ጥቁር ቡና፦

ጋሼ፣ አክብሮቴ እንዳለ ሆኖ፣ ያ እኮ ለሁሉም ሰልቺ ፊልም የሚሆን መከላከያ ነው። «የሰለቸህ ሆን ብለን ነው!»

የድሮ ፕሮጀክተር፦

ሃሃሃ። ይህቺን ወሰድኩልህ።

ቡም ያዥ፦

ጋሼ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ፤ ይህን ሁሉ ጽፈው። አንድ የሙያ ነገር ልጠይቅ። ተጽፎ ከነበረ ለምንድን ነው ያልተጻፈ የሚመስለው? ቪዲዮዎቹን ቁርጥራጭ ሳይ ካሜራው ይንቀጠቀጣል፣ ፎከስ ይሸሻል፣ ሰው ሰው ላይ ይናገራል። እኛ ጋ ይህ ሁሉ ስህተት ነው ተብሎ ይደገማል።

ሰባተኛ ረድፍ፦

የተጻፈው ንግግሩ ነው። ያልተጻፈው ተዋናዩ የት እንደሚቆም ነው።

እኛ ስንቀርጽ ምን እናደርጋለን? ወለሉ ላይ ፕላስተር እንለጥፋለን። «እዚህ ቁሚ፣ መብራቱ እዚህ ነው ያለው፤ ሁለት እርምጃ ከሄድሽ ጨለማ ትገቢያለሽ።» ተዋናይዋ ስታለቅስ እንኳ ግማሽ ሐሳቧ ፕላስተሩ ላይ ነው። እሱ ይህን ገለበጠው። ክፍሉን በሙሉ ያበራዋል። ተዋናዩ የፈለገበት ይሄዳል፣ ካሜራማኑ ይከተላል። ብዙ ጊዜ በረጅም ሌንስ ከሩቅ፣ ወይም ትከሻ ላይ ተሸክሞ። ካሜራማኑ ተዋናዩ ቀጥሎ ምን እንደሚያደርግ ስለማያውቅ ይዘገያል። አንተ ፎከስ ሸሸ የምትለው ያንን መዘግየት ነው። እኛም በኑሮ እንዲሁ ነን፤ ሰው ክፍል ውስጥ ሲጮህ መጀመሪያ እንሰማለን፣ ከዚያ ዞረን እናያለን።

ደግሞ ከልምምድ በኋላ ደጋግሞ ይጽፋል። ተዋናዩ አንድ መስመር አፉ ላይ ካልገባለት ጥፋቱ የመስመሩ ነው ብሎ ይቀይረዋል። ይህ ደግሞ ከአጻጻፍ ሁሉ አድካሚው ነው። ቀላል መንገድ የመሰለው ሰው ይሞክረው።

እንኮይ፦

አንድ ብቻ ልይ ብል የቱን ልይ? የማይሰለቸውን። (ጥቁር ቡና አስፈርቶኛል።)

ሰባተኛ ረድፍ፦

«ኤ ዉማን አንደር ዘ ኢንፍሉወንስ»፣ 1974። ሌላ አትይ።

ሜብል ሦስት ልጆች አሏት። ባሏ ኒክ የከተማ ውሃ መሥመር ጥገና ላይ ነው የሚሠራው፤ ፒተር ፎልክ ነው፣ «ኮሎምቦ» ላይ በካፖርቱ የሚዞረው መርማሪ። ሜብል ነገረ ሥራዋ ከሰው ትንሽ ለየት ይላል። አብዳለች አትበይ፣ ብቻ ልኳን አታውቅም። አንድ ቀን ኒክ ሌሊቱን ሲሠራ አድሮ ጠዋት የሥራ ጓደኞቹን ይዞ ይገባል። ጠረጴዛው ሞላ። በዚያ ጠዋት ፓስታ ትቀቅልላቸዋለች።

እዚህ ጋ ነው ልብሽን የምትይዢው። መጀመሪያ ሁሉም ደስ ብሎታል። እየዞረች የእያንዳንዱን ስም ትጠይቃለች። አንዱ ተነስቶ ኦፔራ ማዜም ይጀምራል። ሜብል ትጠጋዋለች፤ ድምፁ ከየት እንደሚወጣ ልታይ የፈለገች ይመስል ፊቱ ድረስ ገብታ አፉን ታየዋለች። ያምራል፣ ደግሞ ያስጨንቃል። ከዚያ ሌላውን ሰውዬ ፊትህ ደስ ይላል ትለዋለች፣ እንደንስ ትለዋለች። ሰውየው አቀርቅሮ ይሽኮረመማል። ማንም ምንም አላለም፣ ግን ሹካዎቹ ቀስ ብለዋል። እሷ አይገባትም፤ ትቀጥላለች። በመጨረሻ ኒክ ይጮህባታል። ጠረጴዛው ጸጥ። አንድ በአንድ እያመሰገኑ ይወጣሉ።

ይህን ትዕይንት ከአሥር ጊዜ በላይ አይቼዋለሁ። የትኛዋ ሰከንድ ላይ ከጨዋታ ወደ ጥፋት እንደተሻገረች እስከ አሁን አላገኘኋትም። እንዲህ ያለውን ነገር «ከሆዳችሁ አውጡ» ብለሽ አታገኚውም።

በመጀመሪያ ለመድረክ ነው የጻፈላት። ጂና አንብባ፣ ይህን ሁሌ ማታ ማታ ከሠራሁማ አልተርፍም አለች። ስለዚህ ፊልም ሆነ። የእሱም የእሷም እናቶች ተውነውበታል። ቤተሰብ ሙሉ ነው እኮ የሚሠራው፤ ደቦ በሉት።

የድሮ ፕሮጀክተር፦

የዚህን ፊልም ገንዘብ ነገር ልጨምር። ስቱዲዮዎቹ እምቢ አሉ። ቤቱን አስያዘ። ፎልክ ከቴሌቪዥን ሥራው ካገኘው 500,000 ዶላር አዋጣ። ከሠራተኞቹ ገሚሱ የአሜሪካ ፊልም ኢንስቲትዩት ተማሪዎች ነበሩ። አልቆም ደግሞ አከፋፋይ ጠፋ። ምን አደረገ? ራሱ ስልክ እያነሳ ለየሲኒማ ቤቱ ደወለ። ዩኒቨርሲቲዎች እየዞሩ አሳዩት። በኋላ እሱ በዳይሬክተርነት፣ እሷ በመሪ ተዋናይነት ለኦስካር ታጩ።

በእኔ ዘመን ፊልም ሠሪ ወደ ሲኒማ ቤት ደውሎ ፊልሜን አሳዩልኝ ሲል ሰምቼ አላውቅም ነበር። ደዋዩ ሁልጊዜ ነጋዴው ነው።

ጆርጂያ አቬኑ፦

ከዲሲ ነው የምጽፈው። ጋሼ ይህን ሲሉ የእኛው ኃይሌ ገሪማ ትዝ አለኝ። «ሳንኮፋ»ን በ1993 ጨርሶ አከፋፋይ አልቀበልም ሲለው ሲኒማ ቤት እየተከራየ፣ ከተማ ለከተማ እየዞረ ራሱ አሳየ። እዚህ ጆርጂያ አቬኑ ላይ፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ ከባለቤቱ ጋር በፊልሙ ስም የከፈተው መጻሕፍት ቤትና ካፌ አለ። ቡና እየጠጣህ ፊልም ሠሪው ራሱ ሲያልፍ ልታየው ትችላለህ።

ልዩነት ግን አለ፤ አንዱን ለሌላው ቅጂ አናድርገው። ካሳቬቲስ ሲቸግረው ሆሊውድ ገብቶ ተውኖ የሚወጣበት በር ነበረው። የኃይሌ በር የመምህር ደመወዝ ነው፤ ሃዋርድ ለአሥርተ ዓመታት አስተምሯል። ታሪኩም ሌላ ነው። ካሳቬቲስ አንድ ሳሎን ውስጥ ያሉ ባልና ሚስት ይበቁታል። ኃይሌ በ1976 ባወጣው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ውስጥ ገበሬውንና ባላባቱን ሲያሳይ አንድ አገር ሙሉ ነው የሚያነሳው። የሚገናኙት ፊልሙን ለማን አሳልፌ ልስጥ የሚለው ጥያቄ ላይ ነው። ሁለቱም ለማንም አልሰጥም ብለዋል።

ጥቁር ቡና፦

ስለተከራከርኩ ብቻ ሳይሆን ፍትሕ ለመስጠት ስል ትናንት ሌላ አየሁ። «ዘ ኪሊንግ ኦፍ ኤ ቻይኒዝ ቡኪ»። አጭሩን።

ሁለት ስሪት አለው። በ1976 የወጣው 135 ደቂቃ ነው፤ ሰው አልገባለትም። በ1978 ራሱ ቆርጦ ወደ 108 አወረደው። ኮዝሞ የሚባል ሰው አለ፣ ቤን ጋዛራ ነው። ትንሽ የምሽት ክበብ አለችው። ትርዒቱ ርካሽ ነው፣ ተመልካቹ ጥቂት ነው፣ ሰውየው ግን ኦፔራ ቤት የሚያስተዳድር ነው የሚመስለው። ቁማር ተበልቶ 23,000 ዶላር ዕዳ ይገባል። ባለዕዳዎቹ ወንበዴዎች ናቸው፤ ማለቴ አበዳሪዎቹ። ዕዳህን በሰው ነፍስ ክፈል ይሉታል።

አንድ ነገር አሳቀኝም አሳዘነኝም። ሊገድል እየሄደ መንገድ ላይ ቆሞ በሕዝብ ስልክ ወደ ክበቡ ይደውላል። ምን ሊጠይቅ? አሁን መድረክ ላይ ያለው የትኛው ትርዒት ነው ብሎ! እዚያ ላይ ነቃሁ። ይህ ስለ ወንበዴ አይደለም፤ ካሳቬቲስ ስለ ራሱ ነው የሠራው። ገንዘብ ያላቸው መጥተው ቤትህን ሲወስዱብህ አንተ ስለ ትርዒቱ ነው የምትጨነቀው።

«ሃዝባንድስ» ላይ ያልኩትን አላነሳም። ይህን ግን ወድጄዋለሁ። በቃ፣ አትሳቁብኝ።

ሰባተኛ ረድፍ፦

አልሳቅንም። (ስቀናል።)

እዚያው ላይ እያለህ «ላቭ ስትሪምስ»ን ጨምርበት፣ 1984። ወንድምና እህት ሆነው ባልና ሚስቱ ይተውናሉ። በዚያው በቤታቸው ነው የተቀረጸው፤ በርሊን ፊልም ፌስቲቫል ላይ ዋናውን ሽልማት፣ ወርቃማውን ድብ፣ ወስዷል። ሰውየው ያኔ ጉበቱ ታሟል፤ ሲጠጣ የኖረው ደርሶበታል። በ1989 በ59 ዓመቱ ሞተ። ፊልሙ መጨረሻ ላይ ዝናብ ከሚወርድበት መስኮት ጀርባ ሆኖ ባርኔጣውን እያወዛወዘ እህቱን ይሸኛል። ከዚያ በኋላ «ቢግ ትራብል» የሚባል አንድ ሥራ አለው፤ ሌላው የጀመረውን ነው የጨረሰው፣ እሱን ዝለለው።

እንኮይ፦

በስሙ ሽልማት አለ አሉ?

ጆርጂያ አቬኑ፦

አዎ፣ ኢንዲፔንደንት ስፒሪት ሽልማት ላይ። በትንሽ በጀት ለተሠራ ፊልም ነው የሚሰጠው። ጣሪያው ድሮ 500,000 ዶላር ነበር፤ አሁን አንድ ሚሊዮን አድርሰውታል። የእነሱ ትንሽ!

ቡም ያዥ፦

ተመለስኩ። ሁለት ነገር አለኝ።

አንደኛ፣ ቅዳሜ ለዳይሬክተራችን የድርሰት ዕጩነቱን ነገርኩት። ዝም አለ። እሑድ ማታ በቴሌግራም 12 ገጽ ላከልን። ብዙ አይደለም፤ ግን «እንዴት ነሽ» የሚለው አንድ ጊዜ ብቻ ነው ያለው። የምሳ ነገር ገና በድርድር ላይ ነው።

ሁለተኛ፣ «ዉማን»ን አየሁት። ላፕቶፑን ሳሎን ከፍቼ እናቴ አጠገቤ ምስር ትለቅም ነበር። እንግሊዝኛ አትሰማም። ትርጉም ልንገርሽ ስላት አያስፈልገኝም አለች። ፓስታው ላይ ስንደርስ እጇ ቆመ። «ይህን ሁሉ ሰው ከሌሊት ሥራ ይዞባት ይገባል? እሺ ይግባ። አንድ ሰው ተነስቶ አያግዛትም?» አለች። እኔ ካሜራውን እያየሁ ነበር። ለካ እሷ ሳህኖቹን ነው የምታየው።

መጨረሻው ላይ፣ ሜብል ከሆስፒታል ተመልሳ፣ ያ ሁሉ ጩኸት አልፎ፣ ልጆቹ ተኝተው፣ ባልና ሚስቱ ጠረጴዛውን ማነሳሳት ጀመሩ። ስልክ ይጠራል፤ ማንም አያነሳም። እኔ የስልኩን ድምፅ እንዴት እንደቀዱት እያሰብኩ ነው። እናቴ ምስሯን አስቀምጣ ወደ ስክሪኑ ጠጋ አለች።

«እሰይ» አለች። «ገና አሁን ሳህን አነሳ።»